የሁሉም አውራጃ በሬ

የአገሬን ስም እዚህ ብጽፈው ደስ ባለኝ። ነገር ግን ሹሞቻችን "ስሙን ትንሽ እናሳምረው" ብለው ወስደውት እስካሁን አልመለሱትም። እስኪመልሱት ድረስ አገሬ እያልኩ እቀጥላለሁ።

እኔ በዚያች አገር ጸጉሬ እስኪሸብት ፊልም ቆራጭ ሆኜ ኖሬአለሁ። የምቆርጠው የገጠሩን ኑሮ ነው። እርሻ፣ አጨዳ፣ ውቂያ፣ ገበያ፣ የጉድጓድ ውሃ ምረቃ፤ ካሜራማን ከየአውራጃው ቀርጾ ያመጣውን ረጅም ምስል ተቀብዬ ሹም ሳያዛጋ የሚያየው አጭር ምስል አደርገዋለሁ። ሙያው ክብር የለውም። ጥሩ አድርገህ ከቆረጥክ መቁረጥህን ማንም አያውቅም፤ ሲበላሽ ብቻ "ማነው ይህን የቆረጠው?" ይባላል። አክስቴ፣ ነፍሷን ይማረውና፣ ለሠርግ እንግዶች ስታስተዋውቀኝ "ገጠር ይቆርጣል" ትል ነበር፤ ብዙዎቹ እንጨት ነጋዴ እየመሰልኳቸው ስለ ባሕር ዛፍ ይጠይቁኛል።

በአገሬ ከሕጎች ሁሉ የሚከበር አንድ ሕግ አለ፤ ያልተቀረጸ ነገር አልተሠራም። ድልድይ ሠርተው ሳያስቀርጹት የቀሩ የአንድ መንደር ሰዎች በድልድዩ ሲሻገሩ ተይዘው "በሌለ ነገር ላይ በመሄድ" ተከሰው ነበር። በሌላ በኩል ተቀርጾ ያልተሠራ ነገር እንደተሠራ ይቆጠራል። ይህ ብዙ ሲሚንቶ አድኗል።

ሹሞቻችን ገጠሩን በጣም ይወዱታል። ሐሙስ ሐሙስ ይጎበኙታል። ጉብኝቱ የሚደረገው በዋናው ከተማ መሃል፣ በዕይታ አዳራሽ ውስጥ ነው። ቦት ጫማ አጥልቀው፣ ሰፊ ባርኔጣ ደፍተው፣ ከዘራ ይዘው ይገባሉ፤ መብራቱ ይጠፋል፣ አውራጃው ይመጣል፣ ይጎበኛል፣ ይሄዳል። ከጉብኝት የሚመለሱትን ሹሞች ጫማ የሚያጥብ ሠራተኛም በሩ ላይ ተቀጥሮ ነበር። ጫማው ጭቃ ነክቶ ስለማያውቅ ሰውዬው "ሥራ ፈታሁ" ብሎ አቤት አለ። አቤቱታው ተመርምሮ ትክክል ሆኖ ስለተገኘ ሐሙስ ሐሙስ ጠዋት አዳራሹ ውስጥ ጭቃ እንዲደፋ ተወሰነ። ጭቃው ኋላ ላይ ስለሚያስፈልገን አንባቢ ባይረሳው ጥሩ ነው።

የአዳራሹ የበላይ የዕይታ ሹም ይባላሉ። ልበ ቡቡ ሰው ናቸው። የነዶ ክምር ካዩ ዕንባቸው ይመጣል፤ እምቦሳ ካዩማ መሃረብ አይበቃቸውም። ክፉ ሰው ቢሆኑ ኖሮ ሥራችን ይቀል ነበር። የደግ ሹም ዕንባ ሕግ ሆኖ ይወጣል፤ ሕጉ ደግሞ የሆነ ሰው ደጃፍ ላይ ማረፉ አይቀርም።

አሁን ወደ በሬው ልምጣ። የመስክ ካሜራማናችን ጥጋቡ ይባላል፤ ስሙን ያወጡለት ሰዎች የወደፊቱ ሳይታያቸው አልቀረም። ከዋናው ከተማ የሚወጣው አስፋልት የሚያልቀው ማብቂያ በምትባል መንደር ነው። አስፋልቱ ያለቀበት ላይ ሥጋ ቤት አለ። ጥጋቡ ወደ የትኛውም አውራጃ ቢላክ ምሳውን የሚበላው እዚያ ነው። ምሳው ሲያልቅ "ከዚህ ወዲያ ያለው መንገድ መኪና ይጎዳል፤ መኪናው ደግሞ የመንግሥት ነው" ይልና ከሥጋ ቤቱ ማዶ ያለውን እርሻ ቀርጾ ይመለሳል።

እርሻው የወይዘሮ አንጓች ነው፤ ባላቸው የሞቱባቸው፣ ብቻቸውን የሚኖሩ ሴት ናቸው። በሬያቸው ቦራ ይባላል። ቀይ ሆኖ ግንባሩ ላይ ሲኒ የምታህል ነጭ አለችው። በሬ ካራጁ ይውላል የሚለውን ተረት እንደ ቦራ የኖረው የለም፤ እሱ ሲያርስ ማዶ ቢላዋ ሲፋጭ ይሰማል። አንድ በሬ ብቻውን አያርስምና ወይዘሮ አንጓች ከጎረቤታቸው ከሽባባው ጋር ተቀናጅተዋል። ሽባባውም ወይኖ የሚባል አንድ በሬ አለው። ሁለቱን በአንድ ቀንበር ይጠምዱና አንድ ቀን የእሳቸውን፣ አንድ ቀን የእሱን ያርሳሉ። ቦራ በቀኝ፣ ወይኖ በግራ፤ እርፉን የሚይዘው ሽባባው።

ጥጋቡ ይህንኑ አንድ እርሻ ዛሬ ቆላ ነው፣ ነገ ደጋ ነው እያለ ያስረክበኛል። እኔም የታዘዝኩትን አደርጋለሁ። መመሪያው "ሹሞች እንዳይሰለቹ ቆላ ወደ ቀኝ ይረስ፣ ደጋ ወደ ግራ ይረስ" ይላል። ስለዚህ የቆላውን እንዳለ ትቼ የደጋውን ምስል መስታወት ውስጥ እንደሚታይ ፊት እገለብጠዋለሁ፤ ቀኙ ግራ፣ ግራው ቀኝ ይሆናል። ለቆላው ትንሽ ቅላት፣ ለደጋው ትንሽ ጉም ጣል አደርጋለሁ። ጉም በመጨመር የሚስተካከለኝ ቆራጭ አልተወለደም፤ ይህን ስል ጉራዬን አይደለም። በዚህ ዓይነት ቦራ ያላረሰው አውራጃ አልቀረም።

ነገር የተወሳሰበው የእርሻ መሣሪያ ሹም አንድ ሐሙስ በጨለማው ውስጥ ከዘራቸውን አንሥተው "ክቡራን፣ ደጋው በሙሉ ግራኝ ነው!" ያሉ ዕለት ነው። እውነታቸውን ነው፤ በተገለበጠው ምስል ሽባባው ጅራፉን የሚያስጮኸው በግራ እጁ ነው። ጥናት ተጠና፤ ማለትም ፊልሙ እንደገና ታየ። ከዚያ ለደጋ ገበሬ ሁሉ የግራኝ ጅራፍ ተገምዶ ታደለ። ከቀኙ ጅራፍ በምን እንደሚለይ የጠየቁ ነበሩ፤ "በቀለሙ" ተባሉ።

የደጋ ሽማግሌዎች ተመካክረው ከተማ ድረስ መጡ። አዳራሹ ደጃፍ ላይ ቆመው ቀኝ እጃቸውን ወደ ሰማይ አነሡና "በምናርስባት በዚህች እጃችን እንምላለን፣ ግራኝ አይደለንም!" አሉ። ጥጋቡ በአጋጣሚ ከምሳ ሲመለስ አግኝቷቸው ቀረጻቸው። የደጋ ሰዎች ስለሆኑ ምስላቸው እንደ መመሪያው ተገለበጠ። ሐሙስ ዕለት ሹሞቹ ሲያዩ እነዚያ የተከበሩ ሽማግሌዎች በሙሉ ግራ እጃቸውን አንሥተው "በምናርስባት በዚህች እጃችን" እያሉ ይምላሉ። የዕይታ ሹሙ ከልባቸው አለቀሱ።

"አፍረውበት እኮ ነው! በግራ እጃቸው እየማሉ ግራኝ አይደለንም ይላሉ። ምን ያህል ብንበድላቸው ነው?" አሉ።

ወዲያው ግራኝ እንዳያፍር የሚያበረታታ ዘመቻ ታወጀ። ደጋ ላይ እስከ ዛሬ በግራ እጁ ለመጉረስ የሚታገል ሰው አይጠፋም።

የወይዘሮ አንጓች መከራ የመጣው በሌላ ዕንባ ነው። የዕይታ ሹሙ አንድ ቀን የቦራ ጫንቃ ላይ ቀንበር የላጠውን ቦታ አዩ። ያን ቀን ምሳ አልበሉም ይባላል። በማግስቱ "በፊልም ጫንቃው ተልጦ የታየ በሬ ሁሉ ከቀረጻ ውጪ እንዳይጠመድ" የሚል ሕግ ወጣ። ሕጉ የወጣው ለአገሪቱ በሬዎች ሁሉ ነው፤ የሚነካው ግን አንዱን በሬ ብቻ ነበር። ሕጉን ማስከበር ለጥጋቡ ተጨማሪ ሥራ ሆነና ከሥጋ ቤቱ በረንዳ ላይ ሆኖ ይጠብቅ ጀመር። ቦራ ይጠመዳል፤ አንድ ፈር፣ ሁለት ፈር ይሄዳል፤ ጥጋቡ አፉን እየጠረገ "በቃ፣ ፍቱት!" ይላል፤ ይፈታል። ሽባባው ወይኖን ከሌላ ሰው በሬ ጋር አቀናጅቶ የራሱን አረሰ። ወይዘሮ አንጓች ግን የሚያቀናጁት ስላጡ መሬታቸው ጦም አደረ፤ አረም ዋጠው።

በአገሬ ሕግ ሦስት ክረምት ጦም ያደረ መሬት ይወሰዳል። የጦም አደር ሹሙ መጥተው "መሬትዎ ታርሶ አያውቅም" ሲሏቸው፣ ወይዘሮ አንጓች "ሲታረስ ስንቴ ተቀርጿል እኮ!" ብለው ተከራከሩ። ሹሙ ፍትሐዊ ሰው ስለነበሩ ፊልሞቹን በሙሉ አስመጥተው አዩ። ያ እርሻ የአገሩ አውራጃ ሁሉ ሆኖ ታርሷል፤ ማብቂያ ሆኖ ግን አንድም ቀን አልታረሰም። ማብቂያ ለከተማው ቅርብ ስለሆነች በስሟ ሊቀርጻት ያሰበ የለም። "ይኸው፣ የእርስዎ የለበትም" ተባሉ። የሚመጣው ክረምት ሦስተኛው ነበር።

ወደ ሥራ ክፍሌ የመጡት ያኔ ነው። በሩ ላይ ቆመው ነጠላቸውን አስተካከሉና፣

"ልጄ፣ ቆራጩ የሚሉህ አንተ ነህ?" አሉኝ።

"እኔ ነኝ እናቴ፤ ምን ልታዘዝ?"

"በሬዬን እንድትመልስልኝ ነው።"

"እዚህ በሬ የለም እናቴ። መሥሪያ ቤት ነው።"

"ያ ማነው ታዲያ?"

ጣታቸውን ወደ ስክሪኔ ቀሰሩ። ቦራ በዚያች ቅጽበት ሩቅ ደጋ ላይ፣ እኔ በጨመርኩት ጉም ውስጥ እያረሰ ነበር። ወይዘሮ አንጓች ጠጋ ብለው እጃቸውን ግንባሩ ላይ ሊያሳርፉ ሞከሩ፤ መስታወቱ ከለከላቸው።

"ውይ የኔ ጌታ! ምን ሆናችሁ ነው በግራ የጠመዳችሁት? ይኼ እኮ የቀኝ በሬ ነው፤ ከወይፈንነቱ በቀኝ ነው የተገራ። በግራ ከጠመዱት እዚያው ይተኛል፤ ቢገድሉት አይነሳም።"

"ይህ የደጋ በሬ ነው እናቴ" አልኩ። እንደዚያ እንድንል ታዘናል።

"ወግድልኝ! ከኋላው ያለችው የኔው ግራር አይደለችም? ሽባባውስ ግራኝ የሆነው ከመቼ ወዲህ ነው?"

እሳቸው ወንበሬ ላይ ቁጭ አሉና ድምፃቸው ለዘብ አለ።

"ስማኝ ልጄ። አገሩ ሁሉ ይታረስ፤ አልመቀኝም። ግን ለአገር ያረሰ በሬ ለባለቤቱ እንዳያርስ የተከለከለው ምን በድዬ ነው? ያቺ መሬት ከሄደች እኮ ሌላ ምንም የለኝም። ባሌ የተቀበረው ከሷ ግርጌ ነው። እኔስ የት ልገባ?"

ልበ ደረቅ መሆኔን ሚስቴ ትመሰክራለች፤ የሰው ሰቆቃ ቆርጬ ሳሳጥር ነው የኖርኩት። የእሳቸውን ግን የት ጋ እንደምቆርጠው ጠፋኝ። ስለዚህ አንድ የጅል ሐሳብ መጣልኝ፤ እውነቱን ላሳይ አልኩ።

የቦራን ምስሎች በሙሉ ሰብስቤ፣ ጉሙን ገፍፌ፣ ግልባጩን መልሼ፣ አንዱን ካንዱ አስከትዬ ቀጠልኩ። ሐሙስ ዕለት አዳራሹ ውስጥ ተነሥቼ "ክቡራን፣ በየአውራጃው ሲያርስ ያያችሁት በሬ ሁሉ አንድ በሬ ነው። ግንባሩ ላይ ያለችውን ነጭ ተመልከቱ" አልኩ። ፊልሙ አለቀ፤ መብራት በራ። እኔም እንግዲህ ተባረርኩ ብዬ የቤት ኪራዬን አሰብኩ።

የዕይታ ሹሙ ቀስ ብለው ተነሡ። ጉንጫቸው በዕንባ ርሷል።

"አንድ በሬ! ይህን ሁሉ አገር! ብቻውን!"

አዳራሹ በጭብጨባ ተናጋ። ከበሬው ኋላ ስላለው ሰው የጠየቀ ግን አልነበረም። ቦራ የአገር ባለውለታ ተብሎ እንዲሸለም፣ በሚቀጥለው ሐሙስ እዚሁ አዳራሽ መጥቶ ሹሞች ፊት እንዲያርስ፣ ከዚያም አዳራሹ ጓሮ ጋጣ ተሠርቶለት ለዘለዓለም በክብር እንዲኖር በሙሉ ድምፅ ተወሰነ። እኔም የሽልማቱን ፊልም እንዳዘጋጅ ታዘዝኩ።

በማግስቱ ወይዘሮ አንጓች የክፍሌን በር በርግደው ገቡ።

"መልስልኝ ብልህ ጭራሽ አስወሰድከው! ከድጡ ወደ ማጡ አገባኸኝ እኮ!"

"ይቀመጡ እናቴ። ያን ዕለት ቦራ በግራ ከተጠመደ ይተኛል ብለውኝ ነበር። እርግጠኛ ነዎት?"

"እንደ ስሜ።"

"ቢመቱትስ?"

"ቢመቱትም፣ ቢለምኑትም።" ትንሽ አዩኝ፤ ቁጣቸው ቀስ እያለ ሌላ ነገር ሆነ። "አንተ... ምን አስበህ ነው?"

"እኔ ምንም አላሰብኩም። ሥራዬን ነው የምሠራው። ብቻ ሽባባውን አፉን እንዲዘጋ ይንገሩልኝ።"

የሽልማቱን ፊልም ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ገለበጥኩት። ሕይወቴን ሙሉ ስገለብጥ ስለኖርኩ ማንም አልጠረጠረኝም።

ሐሙስ ደረሰ። አንባቢ እንዳይረሳ ያልኩት ጭቃ ከወትሮው በወፍራሙ ተደፋ። ሹሞቹ በቦት ጫማና በባርኔጣ ተደርድረው ፊልሙን አዩ፤ ቦራ በክብር፣ በግራ በኩል፣ አውራጃ ካውራጃ ያርሳል። ከዚያ በሬዎቹ ከሽባባውና ከወይዘሮ አንጓች ጋር ገቡ። ቦራ አንገቱ ላይ የአበባ ጉንጉን አጥልቀውለት ጉንጉኑን እየበላ ነበር። ሽባባው እንደ ልማዱ ቦራን ወደ ቀኝ ሊያስገባ ሲል የእርሻ መሣሪያ ሹሙ ከዘራቸውን አነሡ።

"ምን እያደረግህ ነው? በግራ!"

"ኧረ ጌታዬ፣ ይኼ እኮ የቀ—"

ወይዘሮ አንጓች እግሩን ረገጡት። ሹሙም "ለመሆኑ አንተ ማነህ? በሬውን ከእኛ በላይ ታውቀዋለህ?" አሉት። አገሪቱን ሙሉ እርፍ ይዞ ያረሳት ሽባባው አንገቱን ደፍቶ ቦራን በግራ ጠመደው። ጅራፉን አስጮኸ።

ቦራ አንድ እርምጃ ሄደ። ቆመ። ወደ ቀኙ ዞር ብሎ ወይኖን ቦታው ላይ ሲያገኘው፣ ሰው ወንበሩ ተይዞበት ሲመጣ እንደሚያደርገው ለአፍታ አየው። ከዚያ የፊት ጉልበቶቹን አጥፎ ጭቃው ላይ ተኛ። ወይኖም ቀንበሩ ሲጎትተው ከጎኑ ተኛ። ሽባባው ጅራፍ ቢያጮህ፣ የእርሻ መሣሪያ ሹሙ በከዘራቸው ቢጎሽሙት፣ ጫማ አጣቢው ሳይቀር ጅራቱን ቢጠመዝዘው ወይ ፍንክች።

"ለገመ!" አለ አንዱ ከኋላ።

አንድ ሰው "ይታረድ" ቢል ማብቂያ ላይ ቢላዋው የተሳለ ነው። ወይዘሮ አንጓች እጄን ያዙኝ። ጥጋቡ ይቀርጻል። ሁሉም ወደ ዕይታ ሹሙ ዞረ።

"ማነው ለገመ ያለው?" አሉ ሹሙ መሃረባቸውን እያወጡ። "ይህን ሁሉ አውራጃ አርሶ እንዴት አይደክመው! እኛ አንድ ሐሙስ ጎብኝተን ስንመለስ እንኳ ወገባችንን ያመን የለም ወይ?"

ሹሞቹ ወገባቸውን ያዙ።

"ጡረታ ይውጣ! ከዛሬ ጀምሮ ካሜራ በአጠገቡ አይለፍ፤ ዕረፍቱን እንዳይረብሸው። እመት፣ የት መተኛት ይወዳል?"

"ማብቂያ ነዋ ጌታዬ" አሉ ወይዘሮ አንጓች፤ መሬት መሬት እያዩ። "ከግራሬ ሥር፣ እርሻዬ መሃል።"

የጦም አደር ሹሙ እጃቸውን አወጡ። "ክቡር ሹም፣ ያ መሬት ዘንድሮ ሦስተኛ ክረምቱ ነው። ይወሰዳል።"

"ይወሰድ!" አሉ የዕይታ ሹሙ። "ተወስዶ ለቦራ ይሰጥ! በሕይወት እስካለ ድረስ መሬቱ የቦራ ነው፤ እኚህ እናት ደግሞ የቦራ ሞግዚት ናቸው!"

ጥጋቡ ቀረጸው፤ ስለዚህ ሆነ።

በማግስቱ ሥራዬን ጥዬ ማብቂያ ሄድኩ። ዕድሜ ልኬን ስቆርጠው የኖርኩትን እርሻ በእግሬ ስረግጠው ያን ዕለት የመጀመሪያዬ ነበር። ቦራ በቀኝ፣ ወይኖ በግራ ተጠምደው፣ ሽባባው በቀኝ እጁ ጅራፉን እያስጮኸ፣ አረሙን እየገለበጡ ሄዱ። የዓይን ምስክር ካሜራ ባለመኖሩ ጡረተኛው በይፋ ተኝቶ ነበር። ሦስት አራት ፈር እንደሄዱ እጄ ሳላውቀው መቁረጫውን ፈለገ፤ "በቃ፣ ይበቃል" አልኩ ጮክ ብዬ።

"ምኑ ነው የሚበቃው?" አሉ ወይዘሮ አንጓች። "ገና እኮ ነው።"

እውነትም ገና ነበር። እርሻ እንዲህ ረጅም መሆኑን አላውቅም ነበር። እስከ መጨረሻው ፈር ድረስ ተቀምጬ አየሁት፤ አሰልቺ ነው፤ በሕይወቴ እንደዚያ ደስ ብሎኝ አያውቅም።

ከዚያ ወዲህ ነገሩ ሁሉ ቦታ ቦታውን ያዘ። ጥጋቡ ካሜራውን ማብቂያ ላይ ማውጣት ስለተከለከለ ካሜራውን ቢሮ ትቶ ምሳ ብቻ ይበላ ጀመር። አዲስ ምስል አልመጣም፤ እኔም በድሮው እየቆረጥኩ ቀጠልኩ። ጡረታ የወጣው በሬ አሁንም በየአውራጃው ሲያርስ የታዘበ ሹም አልነበረም። በዓመት አንድ ጊዜ ብቻ የዕይታ ሹሙ "ጡረተኛችን እንዴት ነው?" ይላሉ፤ ቦራ ሣር ሲግጥ አሳያቸዋለሁ። ካሜራ በማይደርስበት ቦታ ምስሉ ከየት መጣ ብሎ የጠየቀኝ የለም።

አንድ ቀን ወይዘሮ አንጓች እንደገና የክፍሌ በር ላይ ቆሙ። በዚህ ጊዜ ነጠላቸውን አዘቅዝቀው ነበር።

"ቦራ ዐረፈ ልጄ" አሉኝ። "ከግራሯ ሥር እንደተኛ ቀረ። ምንም አልተሰቃየ።"

አለቀስኩ፤ ለምን ይዋሻል። ያን በሬ ከወንድሞቼ ይልቅ አውቀው ነበር። ዓይኑን የሚጨፍንበትን፣ ዝንብ ሲያርፍበት ጆሮውን የሚያራግብበትን፣ ፈር ጨርሶ ሲዞር የሚተነፍስበትን፣ ሁሉንም አውቀው ነበር። ሳለቅስ ታገሡኝ፤ ከዚያ እንደ ድሮው ወንበሬ ላይ ተቀመጡ።

"ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም ይባል ነበር፤ ያንተ ፊልም ደሞ ይብሳል። በሕይወት እስካለ ነው ያሉት። ሰሙ ማለት መሬቷ ሄደች። እኔ ደሞ አንድ ወይፈን አስገርቻለሁ፤ ቦራ አጠገብ እያስቆምኩ፣ በቀኝ። ያኔ በሬዬን ከሥዕል አውጣልኝ ብዬህ ነበር።"

"አዎ እናቴ።"

"እንግዲህ መልሰህ አስገባልኝ።"

ይህ ከሆነ ብዙ ክረምት አልፏል። የዕይታ ሹሙ አርጅተው በሌላ ሹም ተተክተዋል፤ አዲሱ አያለቅሱም፣ ይስቃሉ፤ ጭቃው ግን እንደቀጠለ ነው። እሳቸውም በዓመት አንዴ ስለ ጡረተኛው ይጠይቃሉ። አንዳንዴ ወደ ቀኝ፣ አንዳንዴ ወደ ግራ አዙሬ አሳያቸዋለሁ። ባለፈው "ይህ በሬ ከሁላችንም በላይ ይኖራል" ብለው ሲስቁ፣ ሳላስበው "አሜን" አልኩ።

ዛሬ ሐሙስ ነው። ይህን ስጽፍ ቦራ አዳራሹ ውስጥ ሣር እየጋጠ ነው። ማብቂያ ላይ የያኔው ወይፈን ያረሰው ገብስ ታጭዶ ገብቷል አሉ። ካሜራ አልደረሰበትም፤ ስለዚህ በአገሬ ሕግ አልበቀለም። ወይዘሮ አንጓች ከእሱው ቆልተው ልከውልኝ እኔ ቆሎዬን እየቆረጠምኩ ነው።